ምጽዋትና ዕዳ
በደብሩ የኢዮቤልዩ በዓል ስለ አካል ጉዳተኞች ሕግ የተነገረ ንግግር



ኢዮቤልዩ ማለት በብሉይ ኪዳን ሥርዓት በየኀምሳው ዓመት ቀንደ መለከት እየተነፋ የሚታወጅ የነፃነት ዓመት ነው። በዚያ ዓመት የተሸጠው ርስት ወደ ባለርስቱ ይመለስ፥ በዕዳ የተያዘውም ሰው ወደ ወገኑ ይገባ ነበር። እንግዲህ ኢዮቤልዩ የደስታ በዓል ብቻ ሳይሆን የሒሳብም በዓል ነው፤ ማን ከርስቱ እንደ ወጣ ይጠየቅበታል፤ የተወሰደበትም ይመለስለታል።

ይህች ከተማ በኦሮምኛ ስሟ አዳማ ትባላለች። በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዘመነ መንግሥት ጌታ ባደገባት ከተማ ስም ናዝሬት ተብላ ተሰየመች፤ ዛሬም ብዙ ሰው በሁለቱም ስሞች ይጠራታል። ወንጌላዊው ሉቃስ እንደ ጻፈው፥ ጌታ በናዝሬት ምኵራብ ቆሞ ከኢሳይያስ መጽሐፍ ያነበበው ክፍል ዕውራን ስለሚያገኙት ብርሃንና ስለ ተወደደችው የጌታ ዓመት የሚናገር ነው። ያችም የተወደደች ዓመት የኢዮቤልዩ ምሳሌ እንደ ሆነች ብዙ መተርጉማን ያስተምራሉ። ስለዚህ በናዝሬት ስም በተጠራች ከተማ፥ በኢዮቤልዩም ቀን፥ ስለ ዐይነ ስውሩና መራመድ ስለ ተሳነው ሰው መነጋገር ከበዓሉ መራቅ አይደለም፤ የበዓሉን ምሥጢር መፈለግ ነው።

በዓመት በዓል ቀን ከቤተ ክርስቲያን ደጅ የሚቀመጡትን ነዳያን የማያውቅ ምእመን የለም። አንዱ ዐይነ ስውር ነው፤ አንዱ እግሩ የተቈረጠ ነው፤ አንዱም ጣቶቹን ደዌ የበላበት ነው። አስቀዳሹ ሲገባና ሲወጣ ዐቅሙ የፈቀደውን ይሰጣል፤ ነዳዩም ይመርቃል። ይህ ልማድ የተቀደሰ ስለ ሆነ ማንም ሊነቅፈው አይገባም። ዳሩ ግን ይህ ሰው ስለምን በደጅ ተቀመጠ? የሚለው ጥያቄ ሳይጠየቅ ብዙ ዘመን አልፏል። ዐይኑ ስለ ጠፋ ነው ቢባል፥ ዐይኑ የጠፋ ሰው ሁሉ በደጅ አልተቀመጠም፤ በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ተምረው በሕግና በመምህርነት የተመረቁ ዐይነ ስውራን ብዙዎች ናቸውና። እግሩ ስለ ተቈረጠ ነው ቢባልም፥ ተቀምጦ የሚሠራ ሥራ ሞልቶ ሳለ እግር ለምን ይጠየቃል? እንግዲህ ሰውየውን በደጅ ያስቀመጠው የአካሉ ጉዳት ብቻ አይደለም፤ ሥራውም ቤቱም መንገዱም መጽሐፉም በባለ ሙሉ አካል ልክ ብቻ መሠራቱ ጭምር ነው።

ምጽዋት ሰጪው ወዶ የሚሰጠው ነው፤ ዕዳ ግን ባለ መብቱ በዳኛ ፊት ቆሞ ሊጠይቀው የሚችለው ነው። ባለዕዳ የሆነ ሰው ለአበዳሪው ምጽዋት ቢመጸውተው ዕዳው አይሰረዝለትም። የኢትዮጵያ ሕግ ለአካል ጉዳተኛው የሚገባውን ነገር ከምጽዋት ተራ አውጥቶ በዕዳ ተራ አግብቶታል፤ የዚህም ንግግር ዐላማ ይህንን ለምእመናን ማስረዳት ነው።

ሕጉ ወደዚህ የደረሰው በአንድ ጊዜ አይደለም። በአውሮፓውያን አቈጣጠር በ1971 ዓ.ም. አካል ጉዳተኞችን መልሶ የሚያቋቁም መሥሪያ ቤት በትእዛዝ ቁጥር 70 ተመሠረተ። በዚያ ትእዛዝ እንደ ተተረጐመው፥ አካል ጉዳተኛ የሚባለው በአካሉ ወይም በአእምሮው ጤንነት ጉድለት ምክንያት እንጀራውን ሠርቶ ለማግኘት የማይችልና የሚረዳው ወገን የሌለው ሰው ነበር፤ በልጅነት ወይም በእርጅና ምክንያት ሠርቶ ማደር ያልቻለውም ከዚሁ ይቈጠር ነበር። ትእዛዙ በዘመኑ መልካም ሥራ ሠርቷል፤ ነገር ግን ትርጓሜው የሰውየውን ጉድለት ብቻ ይመለከት ነበር እንጂ እንዳይሠራ የከለከለውን ነገር አይጠይቅም ነበር።

በመጋቢት ወር 2000 ዓ.ም. ስለ አካል ጉዳተኞች የሥራ ስምሪት መብት አዋጅ ቁጥር 568 በወጣ ጊዜ ትርጓሜው ተለወጠ። በዚህ አዋጅ አካል ጉዳተኛ የሚባለው፥ በአካሉ ወይም በአእምሮው ወይም በስሜት ሕዋሳቱ ላይ በደረሰው ጉዳት ላይ የማኅበራዊ ኑሮ፥ የኢኮኖሚና የባህል መድልዎ ተጨምሮበት በሥራ እኩል ዕድል ያጣ ሰው ነው። ሁለቱን ትርጓሜዎች ጐን ለጐን አድርጎ የሚመለከት አስተዋይ ልዩነታቸውን ያገኘዋል። በፊተኛው ምክንያቱ ሁሉ በሰውየው አካል ላይ ተጥሏል፤ በኋለኛው ግን ከፊሉ በአሠሪው፥ በጎረቤቱና በሀገሩ ልማድ ላይ ይወድቃል። ከፊሉ በእነርሱ ላይ ከወደቀ ደግሞ የማስተካከሉ ዕዳ የእነርሱ ነው።

ይህ ዕዳ በሕግ ቋንቋ ተመጣጣኝ ማመቻቸት ይባላል። ይኸውም የሥራውን መሣሪያ፥ ሥራው የሚጠይቀውን ነገር፥ የሥራውን ሰዓት፥ የድርጅቱን አደረጃጀትና የሥራውን ስፍራ አካል ጉዳተኛው ሊሠራበት እንዲችል አድርጎ ማስተካከል ነው። ልብስ ሰፊ ልብሱን በሰው ልክ ይሰፋል እንጂ ሰውን በልብሱ ልክ አይቈርጥም፤ የሕጉም ዐሳብ ይኸው ነው።

ለምሳሌ ያህል፥ ጸሐፊዋ በተሽከርካሪ ወንበር የምትሄድ ብትሆን የሥራ ክፍሏን ከፎቅ ወደ ምድር ቤት ማውረድ ነው። ሒሳብ ያዡ ዐይነ ስውር ቢሆን ጽሑፉን በድምፅ የሚያነብ ኮምፒዩተር ማቅረብ ነው። ዕቃ ቤት ጠባቂው መስማት የተሳነው ቢሆን ትእዛዙን በጽሕፈት ማድረግ፥ ወይም የምልክት ቋንቋ የሚያውቅ ሰው ማዘጋጀት ነው። የሚጥል በሽታ ላለበት ዘበኛ የሌሊቱን ተራ በቀን መለወጥ ነው። ከእነዚህ አብዛኛዎቹ ብዙ ገንዘብ አይጠይቁም፤ የሚጠይቁት ቀድሞ ማሰብን ነው።

አዋጁ ከዚህም አልፎ፥ ለሥራው የሚፈለገው ችሎታ ያለውና በውድድር የበለጠ ውጤት ያገኘ አካል ጉዳተኛ የሥራው ጠባይ ካልከለከለ በቀር ያለ መድልዎ በቦታው እንዲገባ ያዝዛል፤ ውጤቱ ከሌሎቹ ጋራ እኩል ወይም ተቀራራቢ ቢሆንም ቅድሚያ እንዲሰጠው ይደነግጋል። አካል ጉዳተኛው ሥራውን እንዲሠራ ወይም ሥልጠናውን እንዲከታተል አሠሪው ረዳት እንዲመድብለትም ያዝዛል። አካል ጉዳተኛ ለሆነች ሴት ድርብ ሸክም እንዳለባት አስቦ የተለየ ትኵረት እንዲደረግላት ይጠይቃል። ተመጣጣኝ ማመቻቸትን አለማድረግም ራሱ እንደ መድልዎ ይቈጠራል። ስለዚህ አሠሪው፥ እኔ ሰውየውን አልሰደብሁትም፥ አላባረርሁትምም፥ ደረጃውን መውጣት ስላልቻለ ነው የቀረው፥ ብሎ ሊያመልጥ አይችልም።

የማስረጃውም ነገር ሊታወቅ የሚገባው ነው። እንደ ተለመደው ሕግ ከሳሽ የተናገረውን ማስረዳት ይገባዋል። በዚህ አዋጅ ግን በምርጫ፥ በዕድገት፥ በምደባ ወይም በዝውውር መድልዎ ደረሰብኝ የሚል አካል ጉዳተኛ ነገሩን ለዳኛ ያመለክታል፤ መድልዎ አለመደረጉን የማስረዳት ሸክም የሚወድቀው በተከሳሹ ላይ ነው። መዝገቡና ቍልፉ ያለው በአሠሪው እጅ ስለ ሆነ ሕጉ በማስተዋል የተሠራ ነው። አዋጁን ለሚተላለፍ የተወሰነው መቀጮ ከ2,000 እስከ 5,000 ብር ነው። ይህ ገንዘብ ለትልቅ ድርጅት ጥቂት ስለ ሆነ፥ ሕጉን የሚያስከብረው ከመቀጮው ይልቅ የሕዝቡ ኅሊና እንዲሆን ግድ ነው።

ሕጉ የማይቻል ነገር አያዝዝም። ማስተካከያው በአሠሪው ላይ ከመጠን ያለፈ ችግር ወይም ወጪ የሚያመጣ ከሆነ ግዴታው ይቀራል፤ ይህም የሚመዘነው በማስተካከያው ዐይነትና ዋጋ፥ በድርጅቱ ትልቅነትና አቋም፥ በሥራ ማስኬጃው ወጪና በሠራተኞቹ ብዛት ነው። ከአንዲት ባለ ሱቅ የሚጠየቀው ከትልቅ ፋብሪካ ከሚጠየቀው ጋራ አንድ አይደለም። ነገር ግን አልችልም የሚል ሰው አስቀድሞ ሊሞክር፥ ሊያሰላና ምክንያቱን ሊያሳይ ይገባዋል፤ ሳይሞክሩ አልችልም ማለት ስንፍና ነው።

ይህ ዐሳብ ከወዴት እንደ መጣ መጠየቅ ይገባል፤ ምክንያቱም መነሻው የሃይማኖት ሰዎችን የሚመለከት ነው። በአሜሪካ ሀገር በአውሮፓውያን አቈጣጠር በ1972 ዓ.ም. የተሻሻለው የሥራ እኩልነት ሕግ፥ አሠሪው ለሠራተኛው የሃይማኖት ሥርዓት ተመጣጣኝ ማመቻቸት እንዲያደርግ አዘዘ። ሰንበቱን የሚያከብር ሠራተኛ በሰንበቱ ሥራ ግባ ተብሎ እንዳይገደድ፥ ተራው በሌላ ቀን እንዲለወጥለት ማለት ነው። ይኸው ቃል በኋላ ለአካል ጉዳተኞች ተላለፈ፤ በ1990 በአሜሪካ፥ በ1995 በእንግሊዝ ሀገር ሕግ ገባ። በ1999 ዓ.ም. በኢትዮጵያ አቈጣጠር የተባበሩት መንግሥታት ድርጅት ባጸደቀው የአካል ጉዳተኞች መብት ስምምነትም ውስጥ ተጻፈ። ኢትዮጵያም ይህን ስምምነት በ2002 ዓ.ም. በአዋጅ ቁጥር 676 ተቀበለች፤ በ1987 ዓ.ም. የጸደቀው ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 9 እንደሚለውም፥ ኢትዮጵያ የተቀበለችው የዓለም ስምምነት ሁሉ የሀገሪቱ ሕግ አካል ነው። እንግዲህ በጾሙና በበዓሉ ቀን አሠሪው እንዲያስብለት የሚፈልግ ምእመን ለባልንጀራው እግርና ዐይን ማሰብ እንደሚገባው ከዚህ ይማር።

አሁን ደግሞ ነገሩን ወደዚህ አገር እናምጣው ቢባል፥ ስምጥ ሸለቆ የራሱ ታሪክ አለው። በዚህ ሸለቆ ከምድር የሚቀዳው ውሃ በእሳተ ገሞራ ዐለት መካከል ስለሚያልፍ በብዙ ስፍራ ፍሎራይድ የተባለው ንጥረ ነገር ይበዛበታል። የዓለም ጤና ድርጅት የሚመክረው በአንድ ሊትር ውሃ ከ1.5 ሚሊ ግራም እንዳይበልጥ ነው፤ ከወንጂ እስከ ዝዋይ ሐይቅ አካባቢና ከዚያም ወዲያ ባሉት ብዙ ጕድጓዶች ግን ከዚህ እጅግ የበለጠ ተገኝቷል። በልጅነቱ የጠጣው ሰው ጥርሱ ይበልዛል፤ ብዙ ዘመን የጠጣው ደግሞ አጥንቱና መገጣጠሚያው ይደርቃል፥ አንገቱ አልዞር ጀርባውም አልታጠፍ ይለዋል። በ1946 ዓ.ም. ሥራ በጀመረው በወንጂ ስኳር ፋብሪካ እርሻ ለብዙ ዓመታት የጕድጓድ ውሃ እየጠጡ የሠሩ ሰዎች ይህ ሕመም እንደ ጸናባቸው ሐኪሞች መርምረው ጽፈዋል፤ ውሃውን ከፍሎራይድ የሚያጠራ መሣሪያም በኋላ ተተክሏል።

ይህን የመሰለ ሰው ሥራ ሲሠራ፥ ከሀገሩም ምድር የፈለቀውን ውሃ ሲጠጣ ጐበጠ። ሸንኮራ ለመቍረጥ ጐንበስ ማለት ያስፈልጋልና ከዚያ በኋላ ሊቈርጥ አይችልም። ታዲያ ይሰናበት? ጥቂት ብር ተሰጥቶት ወደ ደጅ ይውጣ? የሚመዘነውን ሸንኮራ መመዝገብ፥ መሣሪያ መጠበቅ፥ አዲስ ሠራተኞችን ማስተማር ይችላል፤ ሠላሳ ዓመት የሠራበትን ሥራ ከእርሱ የበለጠ የሚያውቅ የለምና። ሕጉ የሚጠይቀው ይህንን ነው። በሻሸመኔ በዐይነ ስውራን ትምህርት ቤት ብሬይል የተማረው ልጅ፥ በአዳማ ጎዳና ባጃጅ ገጭቶት እግሩን ያጣው ጐልማሳ፥ ትራኮማ ዐይኗን ያጠፋባት የመቂ ገበሬ ሚስት ሁሉ የሚጠብቁት ይህንኑ ነው።

ከሥራው ሌላ የሕንፃው ነገር አለ። በ2001 ዓ.ም. የወጣው የኢትዮጵያ ሕንፃ አዋጅ ቁጥር 624 በአንቀጽ 36 ስለዚህ ነገር ደንግጓል። ሕዝብ የሚገለገልበት ሕንፃ ሁሉ በተሽከርካሪ ወንበር ለሚሄዱና መራመድ እየቻሉ ደረጃ ለመውጣት ለማይችሉ ሰዎች የሚስማማ መግቢያ እንዲኖረው፥ መጸዳጃ ቤት በሚያስፈልገውም ሕንፃ ለእነርሱ የሚመችና ሊደርሱበት የሚችሉት በበቂ ቍጥር እንዲሠራ አዘዘ። ነገር ግን በየከተማው ከዚያ በኋላ የተሠሩትን ፎቆች የሚመለከት ሰው መግቢያቸው ስንት ደረጃ እንዳለው ይቍጠር። ከአዳማ ዙሪያ ኮረብታዎች የሚወርደውን ጎርፍ ለመቀበል የተቈፈረው ቦይም ክዳኑ ሲነሣ ለዐይነ ስውሩ ወጥመድ ይሆናል። የኦሪት ሕግ በዕውር ፊት ዕንቅፋት እንዳይደረግ ያዘዘው ክፉ ሰው ሆን ብሎ የሚያስቀምጠውን ድንጋይ ብቻ የሚመለከት አይምሰል፤ ሳያስቡ ክፍት የተተወ ቦይም ዕንቅፋት ነው።

በዚህ ነገር ላይ የሚነሡ ሁለት መቃወሚያዎች አሉ። የመጀመሪያው፥ ይህ የሀብታም ሀገር ሕግ ነው፥ ድኻ ሀገር ከወዴት ያመጣዋል? የሚል ነው። ለዚህ መልሱ አጭር ነው። አዲስ ሕንፃ ሲሠራ ከደረጃው አጠገብ ተዳፋት መንገድ ማድረግ ጥቂት ሲሚንቶና ጥቂት አሸዋ ይፈልጋል፤ ከተሠራ በኋላ አፍርሶ ማስተካከል ግን ብዙ ያስወጣል። ስለዚህ ድኻው ከሀብታሙ ይልቅ ቀድሞ ማሰብ ያስፈልገዋል። ሠርቶ መብላት የሚችለውን ሰው ዕድሜውን ሙሉ መጦርም ከማስተካከያው የበለጠ ዋጋ አለው።

ሁለተኛው መቃወሚያ፥ ሥራው ይታጐላል የሚል ነው። ይህ ጥንታዊ ጥያቄ ነው። የሐዋርያት ቀኖና እየተባለ በሚጠራው ሥርዓት አንድ ዐይኑ የጠፋ ወይም እግሩ የተጐዳ ሰው ለኤጲስ ቆጶስነት የሚገባ ሆኖ ከተገኘ እንዳይከለከል ተወስኗል፤ ምክንያቱም ሰውን የሚያረክሰው የነፍስ እድፍ እንጂ የአካል ጉዳት አለመሆኑ ነው። ፈጽሞ የማያየውንና የማይሰማውን ግን ሥርዓቱ ይከለክላል፤ ስለ ርኵሰት ሳይሆን የቤተ ክርስቲያን ሥራ እንዳይሰናከል ነው። ስለ ክህነት መወሰን የሊቃነ ጳጳሳት ነውና እዚህ አይነገርበትም። የምክንያቱ ቃል ግን ይታሰብ። አባቶች የአካል ጉዳትን ርኵሰት ወይም ቍጣ አላሉትም፤ የጠየቁት ሥራው ይሠራል ወይስ አይሠራም ብለው ብቻ ነው። የዛሬው ሕግ ከዚያው ተነሥቶ አንድ እርምጃ ይጨምራል፤ ሥራውን የሚያሰናክለው ነገር ሊነሣ ይችላል ወይ? ብሎ ይጠይቃል። በዚያ ዘመን ብሬይል አልነበረም፤ ሉዊ ብሬይል የነጥብ ፊደሉን ያሳተመው በአውሮፓውያን አቈጣጠር በ1829 ነው፤ ዛሬ ግን አማርኛም በእርሱ ይጻፋል።

የአብነት ትምህርት ቤትም ለዚህ ምስክር ነው። ዜማው በጆሮ የሚቀበሉት፥ ቅኔው በቃል የሚዘረፍ፥ ትርጓሜውም ከመምህር አፍ የሚሰማ ስለ ሆነ፥ ዐይነ ስውር ተማሪ ከማየት ከሚችለው ባልንጀራው ጋራ እኩል ተቀምጦ ተምሯል፤ ከእነርሱም ስመ ጥር የቅኔ መምህራን ወጥተዋል። ይህ የሆነው ማንም ስለ አዘነላቸው አይደለም፤ የትምህርቱ መንገድ ለእነርሱ ክፍት ስለ ነበረ ነው። መንገዱ ሲከፈት ዕውቀት ዐይን እንደማይመርጥ ይህች ቤተ ክርስቲያን ከማንም አስቀድማ ታውቀዋለች።

አሁን የቀረው የተደበቁትን መፈለግ ነው። በ1999 ዓ.ም. በተደረገው የሕዝብና የቤት ቈጠራ አካል ጉዳተኛ ተብሎ የተመዘገበው ከመቶው ሰው አንድ እጅ ያህል ብቻ ነበር፤ የዓለም ጤና ድርጅትና የዓለም ባንክ በ2003 ዓ.ም. ባወጡት መግለጫ ግን በዓለም ከመቶው 15 ያህሉ አካል ጉዳት እንዳለበት ተገምቷል። ልዩነቱ በከፊል ከአቈጣጠሩ ዘዴ የመጣ ነው፤ በከፊል ደግሞ ቤተሰብ አፍሮ ልጁን በጓዳ ስለሚደብቅ ነው። ቈጣሪው ከደጅ ይመለሳል፤ የንስሐ አባት ግን እስከ ጓዳ ይገባል። ስለዚህ እያንዳንዱ የንስሐ አባት ጠበል ሊረጭ በገባበት ቤት የተደበቀ ልጅ ቢያገኝ፥ ወላጆቹን አጽናንቶ ልጁን ወደ ትምህርት ቤት እንዲልኩ ቢመክር፥ ሕጉ ያልደረሰበት ስፍራ ይደርሳል።

የሰበካ ጉባኤውም በዚህ በኢዮቤልዩ ዓመት ሊሠራው የሚችል ነገር አለ። አዳራሽ ሲታነጽ ተዳፋት መግቢያ ይኑረው፤ ከደጀ ሰላሙ እስከ ዐውደ ምሕረቱ ያለው መንገድ ድንጋዩ ይነሣለት። መስማት ለተሳናቸው ስብከቱን በምልክት ቋንቋ የሚተረጕም ሰው ይፈለግ። ጸሐፊ ወይም ዘበኛ ሲቀጠር አካል ጉዳተኛም እንዲወዳደር በማስታወቂያው ይጻፍ። ዳኞች ደብርን ከአሠሪዎች ተራ ቢቈጥሯትም ባይቈጥሯትም፥ ጽድቅን የምታስተምር ቤት ከሕግ ወደ ኋላ ልትቀር አይገባትም።

በቅፍርናሆም አራት ሰዎች አንድ ሽባ ተሸክመው መጡ፤ ሕዝቡም በሩን ስለ ዘጋባቸው ጣራውን ነድለው በጌታ ፊት አወረዱት። ከውጭ አስቀምጠው ምጽዋት እንዲሰጠው አልለመኑም፤ የሚገባበትን አበጁለት። የቤቱ ባለቤት ስለ ጣራው እንደ ተቈጣ ወንጌሉ አልጻፈም፤ ጌታም ስለ ፈረሰው ጣራ አልወቀሳቸውም፤ እምነታቸውን አይቶ ሽባውን ፈወሰው። ጣራ ተመልሶ ይከደናል፤ በደጅ የቀረ ሰው ዘመን ግን ተመልሶ አይገኝም።

የዚህ ደብር ልጆች ሌላ ኢዮቤልዩ ለማክበር በሚሰበሰቡበት ቀን፥ ዛሬ በደጅ የተቀመጠው ሰው ልጅ በአዳራሹ ውስጥ ከእነርሱ ጋራ ተቀምጦ፥ ምናልባትም ከዚሁ ሰገነት ቆሞ የሚናገር ሆኖ እንዲገኝ እግዚአብሔር ይፍቀድ።

ወስብሐት ለእግዚአብሔር።